መጋረጃ ሳይከፈት የማይባለው ቃል

ብሪስቶል፣ ቅዳሜ፣ ማርች 3 ቀን 1894

አባትሽ መድረክ ላይ ሊወጣ ነው! ሮዊና፣ አባትሽ ሊዘፍን ነው! ስሙ በትልልቅ ፊደል ታትሞ ወደብ ዳር ካለው ግድግዳ ላይ ተለጥፏል። እኔ ራሴ ሄጄ በጣቴ ነካሁት፤ ሙጫው ገና አልደረቀም ነበርና ይኸው የእሑድ ጓንቴ ተበላሸ። ይበላሽ።

ሰላምታዬን ትቼ እንደ ጋዜጣ ሻጭ ጮህኩብሽ አይደል? ውድ ልጄ፣ የዓይኔ ብርሃን፣ እንደምን ከረምሽ? ኤድጋርስ እንዴት ነው? የመርከብ ጥገናው እጁን አላቆሰለውም? ትንሿ ሜቤልስ? የመጀመሪያ ጥርሷ ወጣ ብለሽ በገና ሰሞን የጻፍሽው ደብዳቤ እኔ ዘንድ የደረሰው ፌብሩዋሪ ሲጋመስ ነው። እኔ እዚህ ለአንዲት ጥርስ ስፈነድቅ፣ እሷ እዚያ ሜልበርን ዳቦ እየገመጠች ሳይሆን አይቀርም። ባሕር እንዲህ ነው፤ ደስታውንም ሐዘኑንም አስረጅቶ ነው የሚያደርሰው። ይህንን ግን ትኩሱን ልላክልሽ ብዬ ኮቴን እንኳ ሳላወልቅ ነው የተቀመጥኩት።

እኔ ደህና ነኝ። ደረጃ ስወጣ ጉልበቴ ይቆጣኛል እንጂ ሌላ የለብኝም። ክፍልሽን አላከራየሁትም፤ መጋረጃውን አጥቤ መልሼ ሰቅዬዋለሁ። አንዳንድ ቀን ሻይ ስቀዳ ሦስት ስኒ አወጣና ሦስተኛውን ዝም ብዬ እመልሰዋለሁ። ከዓሣ ሻጩ ከኖክስ ጋር ወዳጅ ሆነናል ብልሽ ትስቂያለሽ። የማልገዛውን ዓሣ ሁሉ ዋጋ እጠይቀዋለሁ። ባለፈው ሳምንት፣ «ሚስስ ትሬጊር፣ ሊገዙት ነው ወይስ ሊያገቡት?» አለኝ። ሰው ድምፅ ካልሰማ ምን ያድርግ? ከኖክስ ወደ ዳቦ ቤቱ፣ ከዳቦ ቤቱ ወደ ወተት ሻጯ እሄዳለሁ፤ ከሁሉም ጥቂት ጥቂት ወሬ ለቃቅሜ እመለሳለሁ። ከዚያ ቤቴ ገብቼ ሰዓቱን እሰማለሁ።

አባትሽ አንቺ በመርከብ ስትሄጂ ትተሽው እንደሄድሽው ነበር፤ ማለቴ ዝም እንዳለ። ሙዚቃ ዕቃ መሸጫው ፎቅ ላይ ለሴት ልጆች ዘፈን ያስተምራል፤ ግን ራሱ አፉን አይከፍትም። ፒያኖውን ይነካል፣ በጣቱ ከፍ ዝቅ እያለ ያሳያቸዋል፣ ይመለሳል። የኛ ፒያኖ እንደ ተቆለፈ ነው፤ ላዩ ላይ የአበባ ማሰሮ አስቀምጬበታለሁ። ጨው ሲፈልግ ወደ ጨው ያያል። ሻዩን ሲጨርስ ስኒውን ይገፋል። በዚህ ኑሮ ከሦስት ዓመት በላይ ስንቆይ፣ የገዛ ድምፄ እንግዳ እየሆነብኝ መጥቶ ነበር።

አሁን ደስታውን ከሥሩ ልንገርሽ። ወደብ ዳር ያለውን ቴአትር ቤት አድሰውታል፤ የጋዙን መብራት አውጥተው ኤሌክትሪክ አስገብተዋል። አዲሱ ሥራ አስኪያጅ ሚስተር ስታንዊክ የሚባል ጺሙን በሰም የሚያሾል ወጣት ሰው ነው። የሚከፍቱትም «የሻማ ሠሪው ሴት ልጅ» በሚለው በአሮጌው የአባትሽ ኦፔራ ነው። እንዴት ያለ አጋጣሚ ነው! ለተመልካች በሚታደለው ወረቀት ላይ የአባትሽን የሕይወት ታሪክ ባጭሩ ያትማሉና ትናንት ሚስተር ስታንዊክ ቢሮው አስቀምጦ «ይንገሩኝ» አለኝ። ልጄ፣ ይንገሩኝ ተባልኩ እኮ! ሻዩ እስኪቀዘቅዝ አወራሁ። የነገርኩትንም ያልነገርኩትንም ላንቺ ልጻፈው፤ ልጅ አባቷን ከእናቷ ካልሰማች ከማን ትሰማለች?

አባቱ ኮርንዎል ውስጥ የጨው ዓሣ በርሜል የሚሠራ ሰው ነበር አልኩት። ልጁ በዘጠኝ ዓመቱ ጸሎት ቤት ሲዘምር ዓሣ አጥማጆቹ በያዙት ኮፍያ ፊታቸውን ይሸፍኑ ነበር። ካደገ በኋላ ፒያኖ መቃኘት ሊማር ብሪስቶል አጎቱ ዘንድ መጣ። አንድ ቀን የአንድ ተዘዋዋሪ የኦፔራ ቡድን ፒያኖ ሊቃኝ ሄዶ፣ አውታሩን እየሳበ ሲያንጎራጉር የቡድኑ አለቃ ሰማውና፣ «ፒያኖውን ተወው፤ የተቃኘኸው አንተ ነህ» አለው። በዚያው ከአጃቢዎቹ ጋር አሰለፈው፤ ዋናው ዘፋኝ ጥርሱ አብጦ ጉንጩ እንደ ዳቦ የተነፋ ቀን ደግሞ ቴነር የሚሉት ቀጭን የወንድ ድምፅ ያለው አባትሽ በሱ ቦታ ገባ። አልወጣም።

ያ አለቃ «ትሬጊር የሚባል ቴነር የለም» ብሎ ሲኞር አምብሮዚዮ ትሬጋሪኒ አሰኝቶት ነበር። ሊቨርፑል ላይ አንድ እውነተኛ ጣሊያን፣ የአገሬን ልጅ አገኘሁ ብሎ ከመድረክ ጀርባ መጣ። አቅፎ በጣሊያንኛ ያወራው ጀመር። አባትሽ ግራ ቢገባው፣ ዓሣ አጥማጆች መረብ ሲስቡ የሚጮሁትን የኮርንዎል ጥሪ መለሰለት። ሰውየውም አንገቱን ነቅንቆ «የተራራ ሰዎች ንግግር ነው» ብሎ ሄደ። ከዚያ ወዲህ አምብሮዝ ትሬጊር ሆኖ ቀረ።

ሚስተር ስታንዊክ በዚህ በጣም ሳቀ። ያልነገርኩት ቀጥሎ ያለውን ነው። የቀልድ ኦፔራ ዘፋኝ ሆነ ሲባል ጸሎት ቤቱ ስሙን ከምእመናኑ ሰረዘ፤ አባቱም ፊቱን አዞረበት። አባቱ ሲሞት አባትሽ ሌሊቱን በባቡር ተጉዞ ደረሰ፤ ግን አልገባም። ከጸሎት ቤቱ በር ውጪ ዝናብ ላይ ቆሞ ሌሎች ሲዘምሩ ሰማ። አንድ ሰው እንኳ ወጥቶ ግባ አላለውም። ይህ በወረቀት ታትሞ ለቲኬት ገዢ የሚታደል ነገር አይደለም።

የኛን ታውቂዋለሽ። ለመድረክ ነጭ ጓንት ሊገዛ ከአባቴ ሱቅ ይመጣ ነበር። የመቶ አለቃ ሆኖ ሲዘፍን እጁ ያልበዋልና ጓንቱ አይበረክትም። በየሳምንቱ መምጣቱን ያየ አባቴ፣ «ይህን ያህል ጓንት የሚጨርስ ሰው ወይ ሌባ ነው ወይ ዘፋኝ፤ ከሁለቱ ሌባውን ብትመርጪ ይሻልሻል» አለኝ። እጁ ትንሽ ነበረ። ልኩን ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ አውቀው ነበር፤ ግን በየሳምንቱ እለካው ነበር።

ከዚያ ለንደን። በ«የሻማ ሠሪው ሴት ልጅ» ውስጥ አባትሽ ያ የባሕር ኃይል መቶ አለቃ ነበር፤ በየማታው የሻማ ሠሪውን ልጅ በመስኮት ሰርቆ ይዟት ይጠፋል፣ ሽማግሌው አባት ደግሞ ቀልጦ በተዘጋጀ የሻማ ሞራ በርሜል ውስጥ ይወድቃል፣ ሕዝብ ይስቃል፣ መጋረጃው ይወርዳል። ፎቶግራፉ በወረቀት መሸጫ ሱቆች መስኮት ላይ ከንግሥቲቱ አጠገብ ይሰቀል ነበር። አንዲት የማናውቃት ሴት በየሐሙሱ የቫዮሌት አበባ ትልክለት ነበር፤ እኔም ለሾርባ ጎድጓዳ ሳህን እስኪጠፋ ድረስ አበባውን አስቀምጥበት ነበር። ቀናሽ ወይ ትይኝ ይሆናል። አበባዋ አልነበረም የሚያስቀናኝ። እሷ በየማታው ትሰማዋለች፤ እኔ እሑድ እሑድ በባቡር ከከተማ ወደ ከተማ ሲጓዝ፣ አንቺን ታቅፌ ቤት ነበርኩ።

ድምፅ እንደ ጓንት ነው ልጄ፤ ከውጭ ደህና እየመሰለ ከውስጥ ስፌቱ ይላላል። የኦርኬስትራው መሪ ዘፈኑን በአንድ ድምፅ ዝቅ አደረገለት፤ ከዓመት በኋላ እንደገና። ሕዝብ አያውቅም። ቫዮሊን የያዘ ሁሉ ግን ያውቃል፤ አባትሽም ማወቃቸውን ያውቃል።

እዚሁ ወደብ ዳር ባለው ቴአትር ቤት ስለሆነው ስለዚያ ምሽት ለሚስተር ስታንዊክ አልነገርኩትም፤ እሱም አልጠየቀኝም፤ የማያውቅ የለምና። እኔና አንቺም አንድ ቀን አውርተነው አናውቅም። ላይኛው ፎቅ፣ ርካሹ ወንበር ላይ፣ አጠገቤ ነበርሽ። አባትሽ ዘፈኑን ጨረሰ፣ የወግ ጭብጨባ ተጨበጨበለት። ወዲያው ያቺ አዲሷ ተዋናይ ልጅ በሻማ ሣጥኑ ላይ የእግር ጭፈራዋን ጨፈረች። ከዚያ ቤቱ በሙሉ «ይደገም! ይደገም!» አለ። በዚህ ሥራ ላይ ላረጀ ሰው «ይደገም» ማለት እንደ ስሙ ነው፤ ሲጠራ ዞር ይላል። አባትሽ ወደ ፊት ወጣ፣ እጁን ደረቱ ላይ አደረገና ዘፈኑን ከመጀመሪያው ጀመረ። ያኔ ነው አንዱ ከኋላችን፣ «አንተን አይደለም አያቴ፣ ልጅቷን ነው!» ያለው።

ሰው ሁሉ ሳቀ። አንቺም ሳቅሽ። ልጄ፣ እኔ አውቅሻለሁ፤ አንቺ ስትደነግጪ ነው የምትስቂው፤ በአያትሽ ቀብር ላይም ስቀሽ ከአክስትሽ ቁንጥጫ ቀምሰሻል። ግን ሳቅሽ ከሌላው ሳቅ ሁሉ በላይ ወጥቶ የሚሰማ ሳቅ ነው፣ አባትሽ ደግሞ ሙያው መስማት ነው። ቤት ገብቶ ጓንቱን እያወለቀ፣ «ልጄም አለችበት» አለ። ከዚያ ወዲህ መድረክ አልወጣም። አንቺ ኤድጋርን አግብተሽ ስትሄጂ ወደብ አልወረደም። ይኸው ነው። ተጻፈ፤ ቀለለኝ።

እና ባለፈው ጃንዋሪ ሚስተር ስታንዊክ ቤታችን መጣ። እኔ ሻይ ይዤ በሩ ሥር ቆምኩ። የሚሰጠው ቦታ የመቶ አለቃውን አይደለም፤ የሽማግሌውን የሻማ ሠሪውን ነው። ፍጻሜውንም አዲስ ጽፈውታል፤ ሽማግሌው በርሜል ውስጥ አይወድቅም፤ አንዲት ዝቅ ያለች ዘፈን ተሰጥታዋለች፣ የድርሰቱንም የመጨረሻ ቃል የሚናገረው እሱ ነው።

«ሚስተር ትሬጊር፣ ሕዝቡ አልረሳዎትም» አለው።

አባትሽም «ችግሩ እሱ ነው» አለ።

ሚስተር ስታንዊክ የድርሻውን ወረቀት ፒያኖው ላይ፣ ከአበባው ማሰሮ አጠገብ ትቶ ሄደ። እኔ አላነሳሁትም። አቧራ እንኳ አልጠረግሁለትም። ከዕለታት አንድ ቀን ከገበያ ስመለስ ወረቀቱ ወጥ ቤት ጠረጴዛ ላይ ነው። እራት በላን። ሳህኑን ላነሳ ስል ወረቀቱን ወደኔ ገፋና፣ «ያንቺ ልጅቷ ናት» አለኝ። የልጅቷን ንግግር አንቺ አንብቢልኝ ማለቱ ነው።

እንግዲህ ከዚያ ቀን ጀምሮ በየማታው ከእራት በኋላ ተቀምጠን አባትና ልጅ ሆነን እንነጋገራለን። «ቀኑን ሙሉ የት ዋልሽ?» ይለኛል። «ገበያ ነበርኩ፣ አባቴ» እላለሁ። «ማንን አገኘሽ?» ይላል። ይህ ሁሉ የሌላ ሰው ድርሰት መሆኑን አውቃለሁ፤ ሞኝ አይደለሁም። ግን የት ዋልሽ ብሎ የጠየቀኝ ሰው ከጠፋ ስንት ጊዜው! አንዳንዴ ሆን ብዬ፣ መስመሩ ጠፋብኝ፣ ከላይ እንጀምር እለዋለሁ። እሱም ይጀምራል። በልቤ ይደገም እያልኩ አነብለታለሁ።

ብቻ አንድ ነገር አለ። የመድረክ ሰዎችን ሕግ ታውቂያለሽ፤ የድርሰቱ የመጨረሻ ቃል ሕዝብ ፊት መጋረጃው እስኪከፈት ድረስ አይባልም። በልምምድ ላይ እዚያ ሲደርሱ ዝም ይላሉ ወይም ያስላሉ። ባዶ ቤት ውስጥ ከተባለ ሥራው ይወድቃል ነው የሚሉት፤ ፍጻሜው አዲስ ነውና ይህም እንደ አዲስ ይቆጠራል። አባትሽ የወረቀቱን ጫፍ አጥፎ በመርፌ ቁልፍ ወግቶታል። እዚያ ስንደርስ ጉሮሮውን ይጠርጋል፤ እኔም ሳህን ላጥብ እነሳለሁ።

ባለፈው ረቡዕ ከሰዓት አባትሽ ሊያስተምር ወጥቷል፤ ዝናቡ መስኮቱን ይደበድባል፤ እኔ ብቻዬን ነኝ። ወረቀቱ ጠረጴዛው ላይ ነው። ልጄ፣ የቴነር ሚስት ሆኜ ስንት ዓመቴ ነው፤ ሌላው ቢያደርገው አላዋቂ ነው ይባላል፣ እኔ ግን እያወቅሁ ያቺን መርፌ ቁልፍ ነቀልኳት። አነበብኩት። አጭር ነው። ሽማግሌው፣ ትታው ለሄደችው ልጁ የሚላት ነገር ነው። እና ሳላስበው፣ ያንቺን ፊት እያሰብኩ፣ ጮክ ብዬ አልኩት። ወደ ባዶው ወጥ ቤት። ቀና ስል አባትሽ በሩ ላይ ቆሟል፤ ከባርኔጣው ውኃ ይንጠባጠባል።

ፊቱ እንደ ሻማ ነጣ። ወረቀቱን ከእጄ ወሰደ፣ አጠፈው፣ ኪሱ ከተተው፤ ወደ በሩ ዞረ። ወዴት ነው ብዬ ብጠይቀው፣ «ስታንዊክ ሌላ ሰው ይፈልግ» አለ። አለቀ አልኩ። በአንዲት ምላሴ ያገኘሁትን ሁሉ አጠፋሁት፤ ነገ ጠዋት ስኒ የሚገፋ ሰው ነው የሚቀርልኝ አልኩ። ቀሚሴን ጨብጬ ቆምኩ። 

አባትሽ የበሩን እጀታ እንደ ያዘ ቆየ። የመጨረሻውን ቃል ያለ ሰው መድኃኒት የለውም። መልበሻ ክፍል ውስጥ አፏጭቶ ክፉ ዕድል ለጠራ ሰው ግን አለው፤ ይወጣል፣ ሦስት ጊዜ ይዞራል፣ አንኳኩቶ አስገቡኝ ይላል። አባትሽም ይህንኑ ሲያስብ ኖሯል፣ በሩን ከፍቶ በጣቱ ወደ ውጪ አመለከተኝ።

ወጣሁ። ሽርጤን እንደታጠቅሁ፣ ዝናቡ እየወረደ፣ በዚህ ዕድሜዬ መንገድ መሀል ሦስት ጊዜ ተሽከረከርኩ። ማዶ ያለችው ሚስስ ኦትዌይ መጋረጃዋን ገልጣ ታየኛለች፤ እጄን አወዛወዝኩላት፣ ምን ላድርግ? ከዚያ የገዛ ቤቴን በር አንኳኳሁ።

«ማነው?» አለ ከውስጥ።

«ፊቢ ነኝ።»

«ምን ፈለግሽ?»

«መግባት» አልኩ። «አስገቡኝ።»

አልከፈተም። ጥቂት ቆየ፤ እኔ ግን እዚያ ስቆም ዓመት መሰለኝ። ዝናቡ አንገቴ ውስጥ ሲገባ ያንን የኮርንዎሉን ጸሎት ቤት አሰብኩ፤ ምናልባት እሱም ከበሩ ወዲያ ያንኑ እያሰበ ይሆናል። ከዚያ ተከፈተ። አባትሽ ከላይ እስከ ታች አየኝና፣

«ረጥበሻል» አለኝ። «ግቢ።»

ልጄ፣ እነዚህ ቃላት በድርሰቱ ውስጥ የሉም። ሁሉንም ገጽ አውቀዋለሁ፣ የሉም። የራሱ ናቸው።

ከምድጃው አጠገብ አስቀመጠኝ። ፎጣ የት እንደሚቀመጥ አያውቅምና በጠረጴዛው ጨርቅ ፀጉሬን አደራረቀልኝ፤ ፍርፋሪው ሁሉ ፀጉሬ ላይ ቀረ። እሳቱን እያየን ሳለን፣ «እዚያስ ይዘንባል?» አለ። የት ብዬ ብጠይቀው፣ «ልጅቷ አገር» አለ። እዚያ አሁን በጋው ማለቁ ነው አልኩት። ራሱን ነቀነቀ። ቀጥሎ የተናገረውን ቃል በቃል ልጻፍልሽ፣ «ያ ሳቋ» አለ፣ «ላይኛዋን ድምፅ ንጹሕ አድርጋ ነው የምትመታት። እኔ በዚያ ሰሞን አጥቻት ነበር።» ይህን ብሎ የድንጋይ ከሰል ሊያመጣ ተነሣ። ለስታንዊክ እንዳትነግሪ አለኝ፤ አልነገርኩም። በማግስቱ ልምምዱ ላይ ሄደ። ዛሬ ስሙ ግድግዳ ላይ ወጣ።

አልፈራም ብልሽ እዋሻለሁ። ላይኛው ፎቅ ላይ ያው ሰዎች ናቸው የሚቀመጡት። ትናንት እራት ላይ፣ ያ ሰውዬ ደግሞ አያቴ ቢልህስ አልኩት። አባትሽ ዓሣውን ከእሾሁ እየለየ፣ «ይበል» አለ። «አሁን እውነቱን ነው።» ሜቤልን ማለቱ መሆኑ የገባኝ ሳህን ሳጥብ ነው። ስለ ልጅሽ ሲናገር የሰማሁት ያኔ መጀመሪያዬ ነው።

ለዚያ ምሽት አራት ወንበር አስቀምጥልኝ ብዬ ሚስተር ስታንዊክን ጠይቄዋለሁ፤ ለእኔ፣ ላንቺ፣ ለኤድጋር፣ ለሜቤል። በእርሳሱ ጥርሱን እየመታ፣ «ልጅዎ ሜልበርን አይደለችም እንዴ?» አለኝ። መርከቦቹ ዛሬ ዛሬ ፈጣን ናቸው አልኩት። ጻፈልኝ። ደግ ሰው ነው። ለአባትሽም ነገርኩት፤ አራት ወንበር ያዝኩ አልኩት። ይቆጣል ብዬ ነበር። ኮላሩን እያወለቀ አሰበ፣ አሰበና፣

«ሕፃኗ ታለቅስ ይሆናል» አለ። «ከዳር ይሁን።»

ሄጄ ወደ ዳር አስቀየርኩት። እኔ ከመካከል በኩል ነኝ፤ ሦስቱ ወንበሮች ከኔ ወዲያ እስከ መተላለፊያው ድረስ ናቸው። ኮቴን አላስቀምጥባቸውም፤ ሰው ቢጠይቀኝም ተይዟል እላለሁ።

የመጨረሻውን ቃል አልጽፍልሽም። ወረቀትም ቢሆን ባዶ ቤት ነው፤ አንድ ጊዜ ዝናብ ላይ መሽከርከር ይበቃኛል። አባትሽ ራሱ ሲለው ነው መሰማት ያለበት። እዚያ ቤት ውስጥ ሰው ሁሉ ይሰማዋል፤ ለማን እንደተባለ የምናውቀው ግን እኔና እሱ ነን፤ አሁን ደግሞ አንቺ።

ኤድጋርን እጁን ይጠብቅ በይው። ሜቤልን ሁለቱን ጉንጯን ሳሚልኝ፤ አንዱ የኔ ነው፣ የሌላውን ባለቤት አንቺ ገምቺ። ፈጣሪ ቤታችሁን ከእሳትም ከማዕበልም ይሰውር፤ ባሕሩንም ለሚሄደውም ለሚመጣውም ያርጋው። ሳቅሽ አይለይሽ።

ሁልጊዜ የምትናፍቅሽ እናትሽ
ፊቢ ትሬጊር

መጋረጃው የሚከፈተው ማታ በአንድ ሰዓት ተኩል ነው። ብትዘገዩም ምንም አይደል፤ በሩን እንዳይዘጋባችሁ ለበረኛው ነግሬዋለሁ። ብቻ ሁላችሁም ኑ፤ የፋሲካ ማግስት፣ ሰኞ፣ ማርች 26 ቀን።